ለቅዳሜ የተቀጠረ መርዶ

አክስቴ እንግሊዝኛ አታውቅም። እንዲያም ሆኖ ብሩክሊን ሴንተር ባለው ቤታችን ወጥ ቤት ውስጥ ቁጭ ብላ ቀኑን ሙሉ የአንዲት ገጠር ከተማ ሬዲዮ ታዳምጥ ነበር። ከተማዋ ከእኛ በመኪና ከአንድ ሰዓት በላይ ትርቃለች። ጣቢያው የሚያሰማው የገበሬ ዘፈን ነው፤ ካንትሪ የሚሉት፤ ጊታርና ሆድ የባሰው ወንድ። በዘፈኑ መሃል የበቆሎና የአሳማ ገበያ ይነገራል፣ የጠፋ ውሻ ይፈለጋል፣ የልደት ቀናቸው የሆነ ሰዎች ስማቸው ይጠራል፤ በረዶ መጥረጊያ ማሽኑን መሸጥ የፈለገ ሰው ደውሎ ስለ ማሽኑ ጠባይ ያወራል። እኩለ ቀን ላይ ደግሞ ኦርጋን ከበስተኋላ እየተሰማ የሞቱ ሰዎች ስምና የቀብራቸው ሰዓት ይነበባል።

ሬዲዮውን ያመጣላት ልጇ ነበር። እዚያች ከተማ አጠገብ ላለ የተርኪ፣ ያ ትልቁ የፈረንጅ ዶሮ፣ እርሻ ትራክ ይነዳል። እናቱ በየሳምንቱ "ያለህበትን አገር እንኳ አላውቀው" እያለች ስትነዘንዘው፣ አንድ ቀን አሮጌ ሬዲዮ ይዞ መጣና ጣቢያውን ፈልጎ አገኘላት። ማንም እንዳይነካባት መቃኛው ላይ ፕላስተር ለጠፈበት። "ይኸው፣ አገሬን ስሚው" አላት። ከዚያ ወዲህ ያቺ ሬዲዮ የምትጠፋው ማታ ስንተኛ ብቻ ነበር።

ቀስ በቀስ ቃላት ለየች። ስኖ፣ አይስ፣ ዊንድ፣ ክሎዝድ፣ ልጇ የሚነዳበት አውራ ጎዳና ቁጥር። "ዛሬ እሱ ጋ ንፋስ ነው" ትለኛለች ጠዋት፣ የእኛን መስኮት ሳታይ። ከሰዓት በኋላ ከሥራ ሲወጣ ትደውልለትና ጃኬት ስለመልበሱ ትጠይቀዋለች። ትራኩ ውስጥ ሂተር እንዳለ ስንት ጊዜ ነግሯታል፤ አይገባትም፣ ወይም እንዲገባት አትፈልግም። ውሻ ጠፋ ሲባል "ጌታ ሆይ፣ አስገኝላቸው" ትላለች። ዘፈኖቹንም በራሷ መንገድ ትፈታቸዋለች።

"ይሄኛው ሚስቱ ጥላው ሄዳለች" አለችኝ አንድ ቀን።

"በምን አወቅሽ?"

"ሚስት ያለው ወንድ እንዲህ አይጮህም።"

እውነቱን ለመናገር በሬዲዮው አፍር ነበር። ከቤተ ክርስቲያን ሰው ሲመጣብን ቀስ ብዬ ድምፁን እቀንሰዋለሁ። አንዷ እንግዳ "ቤታችሁ ፈረንጅ ገበሬ አለ እንዴ?" ብላ ስቃብናለች። እዚሁ የተወለደችው ልጄማ "ግራንድማ፣ ፕሊስ፣ ተርን ኢት ኦፍ!" እያለች ጆሮዋን ይዛ ክፍሏ ትገባለች። አክስቴ ለማንም ደንታ አልነበራትም። የልጇን የአየር ጠባይ ነው የምትሰማው።

አክስቴ የአባቴ እህት ናት፤ ያሳደገችኝም እሷ ናት። ልጇና እኔ ከአንድ ሳህን እየበላን አድገናል፣ የአክስቴ ልጅ ብዬው አላውቅም፣ ወንድሜ ነው የምለው። እሷን ስኳርና ደም ብዛት ከያዛት ጀምሮ ቤት ውዬ የምጠብቃት እኔ ነኝ።

ማክሰኞ ጠዋት ትራኩ ብላክ አይስ በሚሉት ዓይን የማያየው በረዶ ላይ ተንሸራቶ ተገለበጠ። ስልኩ የተደወለው ለእኔ ነው፤ አንድ ነገር ቢሆን የሚጠራ ሰው ብሎ ያስመዘገበው እኔን ነበር። ከታች ልብስ ማጠቢያው ክፍል ውስጥ ነበርኩ። ከማድረቂያው የወጣ ትኩስ ፎጣ አፌ ላይ ይዤ የምችለውን ያህል ጮህኩ። ከዚያ ፊቴን ታጠብኩና ልብሱን አጥፌ ወደ ላይ ወጣሁ፤ ለአክስቴ መድኃኒቷን ሰጠኋት። ሬዲዮው ይዘፍን ነበር።

ለቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ ስደውል ከአፋቸው የወጣው የመጀመሪያ ቃል "እንዳትነግሪያት" የሚል ነው። ይህን ሳይሉኝም አውቀው ነበር። እኛ ሞትን በስልክ አንናገርም፤ በምሽት አንናገርም፤ ብቻዋን ላለች ሴት አንናገርም። ማልደን፣ ተሰብስበን፣ የሚደግፋት ክንድ በግራ በቀኝ አዘጋጅተን ነው የምንነግራት። ይህ ደግነት ነው፤ ዛሬም ደግነት አይደለም አልልም። ማታ ክሪስታል በምትባለው ጎረቤት ከተማ እሳቸው ቤት ተሰብስበን መከርን። ረቡዕ ይሁን ሲባል ግማሹ የማታ ሺፍት አለው። ሐሙስ ሲባል የሚያበስሉት ሴቶች ሥራ ናቸው። ዓርብ አንዱ ኦቨርታይም ይዟል።

"ልጄ" አሉኝ ሽማግሌው፣ "በሥራ ቀን ብንነግራት ማን አብሯት ይቀመጣል? ነግረናት ጥለናት ልንሄድ ነው? ቅዳሜ ሁሉም ኦፍ ነው።"

እውነታቸውን ነበር። መርዶው ለቅዳሜ ተቀጠረ። ሰው ሁሉ ራሱን ነቀነቀ፣ እኔም ነቀነቅሁ። ተነስተን ስንለያይ ጫማቸውን እያደረጉ "ያቺን ሬዲዮ ግን አበላሺያት" አሉኝ፤ ሬዲዮውን ሁሉም ያውቀው ነበር።

"ለሬዲዮው እኔ አለሁ" አልኩ።

እዚህ ላይ ነው ብልጥ የሆንኩት። ሬዲዮው ቢበላሽ አክስቴ ወዲያው ትጠረጥራለች ብዬ አሰብኩ፤ ለልጇ ደውላ ሌላ አምጣልኝ ማለቷ አይቀርም። እኔ እንግሊዝኛ እችላለሁ፤ ጣቢያው ጋ ደውዬ ስሙን እንዳያነቡት እጠይቃለሁ፤ ሬዲዮውም ይዘፍናል፣ እሷም ትሰማለች፣ ቅዳሜም ይደርሳል። በዚያ ሁሉ ሐዘን መሃል በዘዴዬ ትንሽ ኮርቼ እንደነበር አስታውሳለሁ።

ረቡዕ ጠዋት ፓርኪንግ ወርጄ መኪናዬ ውስጥ ሆኜ ደወልኩ። ስልኩን ያነሳው ራሱ ሬዲዮ ላይ የሚያወራው ሰውዬ ነው። ወጥ ቤታችን ውስጥ ስንት ጊዜ የሰማሁት ድምፅ ጆሮዬ ላይ "ሄሎ" ሲለኝ ደነገጥኩ። የወንድሜን ስም ነገርኩት። "አዎ፣ ትራኩን የሚነዳው። በጣም አዝናለሁ" አለኝ፤ የሟቾች ስም ያለበት ወረቀት ደርሶት ነበር። ስሙ እንዴት እንደሚጠራ እንዳስጠናው ይጠይቀኝ ጀመረ፣ በትክክል ሊጠራው ፈልጎ።

"ስሙን እንዳያነቡት ልለምንዎ ነው የደወልኩት" አልኩት። "እናቱ ጣቢያዎን ትሰማለች። ገና አልነገርናትም።"

"ልጇ መሞቱን አታውቅም?"

"አታውቅም።"

"መቼ ነው የምትነግሯት?"

"ቅዳሜ ጠዋት።"

ከበስተኋላው ዘፈን ይሰማል። "ዛሬ ረቡዕ ነው" አለኝ በመጨረሻ፣ ቀኑ ጠፍቶብኝ እንደሆነ ብሎ።

መርዶ ምን እንደሆነ የሚያውቅ ሰው ይህን አይጠይቅም። በእንግሊዝኛ ስናገረው ግን ነገሩ ራቁቱን ቀረ። አንዲት እናት ልጇ ሞቷል፣ እኛ አውቀናል፣ እሷ አላወቀችም፣ እኛ ደግሞ ሥራችንን እስክንጨርስ እየጠበቅን ነው። "ባህላችን ነው" አልኩት። ስለው ፊቴ ጋለ። አባቶቼ ለቅዳሜ ብለው ቀጥረው አያውቁም፤ የሳምንቱን የሥራ ፕሮግራም ባህል ብዬ ነው የጠራሁት።

"እሺ ማዳም" አለኝ። "ስሙን አላነሳም።"

ቃሉን ጠበቀ። ስሙን አላነሳም።

እኩለ ቀን ላይ ምሳ አቅርቤ ፊት ለፊቷ ተቀምጬ ነበር። ኦርጋኑ ጀመረ። አንዲት የዘጠና ዓመት አሮጊት ተነበቡ፣ ቀጥሎ አንድ ገበሬ። ያለቀ መስሎኝ ተነፈስኩ። ሰውዬው ግን ጉሮሮውን ጠረገና ቀጠለ። አንድ ሌላ ጎረቤት አጥተናል አለ። ቤተሰቡ ስሙን እንድናቆየው ጠይቆናል፣ እናቆየዋለን። ከኢትዮጵያ የመጣ ወጣት ነው። የተርኪ ትራክ ይነዳ ነበር፤ ብዙዎቻችሁ ነዳጅ ማደያው ጋ ታውቁታላችሁ፣ ሳይስቅ ሰላም አይልም ነበር። ለእናቱ ጸልዩላት።

ኢትዮጵያ የሚለው ቃል በየትኛውም ቋንቋ ኢትዮጵያ ነው። ተርኪ የሚለውን እሷ ከእኔ በፊት ነው የለመደችው። ትራክንም፣ ስማይልንም፣ ማዘርንም፣ ፕሬይንም ታውቃለች። የአክስቴ እጅ ጉርሻ እንደያዘ ቆመ። ሬዲዮውን አላየችም፤ እኔን ነው ያየችኝ።

"ምን አለ?" አለችኝ።

ድምፅዋ አልተለወጠም፣ አልጮኸችም። ያን ጊዜ ወንበሬን ገፍቼ ተነስቼ ላቅፋት እችል ነበር። ግን ቅዳሜ ተባለ፣ ሴቶቹ ሽንኩርት መክተፍ ጀምረዋል፣ እኔም ለሬዲዮው አለሁ ብያለሁ።

"መንገዱ በረዶ ነው ይላል" አልኳት። "ቀስ ብላችሁ ድራይቭ አድርጉ ነው የሚለው።"

ዓይኔን ትንሽ ጊዜ አየችው። ከዚያ "እህ" አለችና የያዘችውን ጉርሻ ወደ አፏ ከተተችው። አኘከችው፣ ዋጠችው። "እግዚአብሔር ይጠብቃቸው" አለች። ውሃ ቀዳሁላት። እንዳልገባት ለራሴ ነገርኩት፤ አጥብቄ ስነግረው አመነኝ።

የዚያን ቀን ከሰዓት በኋላ ወደ ልጇ የምትደውልበት ሰዓት ደረሰ። ማክሰኞ ስልኩን ባያነሳላት ሥራ በዝቶበት ነው ብያት ነበር። እኔ ውሸቴን አዘጋጅቻለሁ፤ ስልኩ ወድቆ ተሰብሮበታል እላታለሁ። አልደወለችም። ስልኳ ጠረጴዛው ላይ ነበር፣ እጇ አጠገብ። ሐሙስም አልደወለችም። ለምን እንደማትደውል መጠየቅ የነበረብኝ እኔ ነኝ፤ እኔ ግን ጌታ ረዳኝ ብዬ አመሰገንኩ። እዚህ የጻፍኩትን ሁሉ አንድ ጊዜ ባነበው የምችለው ይመስለኛል፤ ይህችን ምስጋና ግን አልችላትም።

ሐሙስ ጠዋት ሶፋውን ወደ ግድግዳ ስትገፋ አገኘኋት። "ምን እየሠራሽ ነው?" አልኳት። ምንጣፉን ላጽዳ ብዬ ነው አለችኝ። እኔም ገፋሁላት። ወንበሮቹን ደርድረን፣ መሃሉን ባዶ አድርገን ጨረስን። ለቀስተኛ የሚቀመጥበትን ቦታ ሁለታችን አብረን አዘጋጀን፣ አንዳችንም ሳንተነፍስ። ሲያልቅ መሃሉ ላይ ቆማ "ይበቃል?" አለችኝ። "ለምኑ?" ልላት ሲገባ "በጣም ጥሩ ነው" አልኳት።

ዓርብ "ዛሬ አትሂጂ፣ እዚሁ ዋይ" አለችኝ። ማንንም ቁጭ በይልኝ ብላ የማታውቅ ሴት ናት። ክሪስታል፣ ሽማግሌው ጋራዥ ውስጥ ትልልቅ ብረት ድስት ተጥዶ ነበር፤ በርበሬው ከእኔ ዘንድ ነው፣ ይጠብቁኛል። ቀጠሮ አለኝ ብዬ ሄድኩ። ለልቅሶዋ የሚሆነውን ወጥ ሳማስል ዋልኩ፤ እሷ ባዶ ሳሎን ውስጥ ብቻዋን ዋለች። ስንቅና ሐሰት እያደር ይቀላል ይላሉ። ሐሰቱ ቀሎልኝ እንደሆን አላውቅም፤ ማታ ቤት ስገባ ዓይኖቿ አብጠው ነበር፣ እኔም "ጉንፋን ያዘሽ እንዴ?" አልኳት።

"ሳይሆን አይቀርም" አለችኝ።

ቅዳሜ ጎህ ሲቀድ መጡ። መኪኖቻቸውን ራቅ አድርገው አቁመው፣ በረዶው ላይ ቀስ እያሉ፣ ጥቁር ለብሰው። በሩን ስከፍትላቸው አክስቴ ለብሳ፣ ተሸፋፍና፣ ያዘጋጀነው ክፍል ውስጥ ተቀምጣ ነበር። ሽማግሌው ደንግጠው ወደ እኔ ዞሩ፤ ራሴን አወዛወዝኩ፣ አላውቅም ለማለት። መጽሐፍ ቅዱሳቸውን ገለጡ፤ አነበቡ፤ ከዚያ መርዶውን ጀመሩ። እሷ ጨርሰው እስኪናገሩ በትዕግሥት ጠበቀቻቸው። ሲጨርሱ "ዘገያችሁ" አለች፣ ሌላ ምንም አላለችም፤ ከዚያ አለቀሰች። ሰው ሦስት ቀን ውሃ የያዘ ግድብ ሲፈርስ አይቶ ያውቅ እንደሆነ እንዲያ ነው ያለቀሰችው። ሰዎቹ "ዘገያችሁ" ያለችውን በሐዘን መሃል እንደሚባል ነገር ቆጠሩት።

ቀኑ ሙሉ ሰው ገባ፣ ሰው ወጣ። ወጡ በቃ፣ ወንበሩ በቃ፣ አልቃሹ በቃ። ከሰዓት በኋላ ሽማግሌው ኮሪደር ላይ ትከሻዬን ያዙኝና "ጎበዝ! አንድ ነገር ሳትሰማ አቆየሻት። እኔ እኮ ያቺ ሬዲዮ ታስፈራኝ ነበር" አሉኝ። ሴቶቹም ሰሙ፤ "ታድላ፣ እንግሊዝኛ መቻል እንዲህ ነው" ተባልኩ። አመሰግናለሁ አልኩ። ሰው ሲመሰገን መሬት ይዋጠኝ የሚለው ለወጉ እንጂ ከልቡ አይደለም፤ የዚያን ቀን ግን እውነት የምትውጥ መሬት ብትገኝ እገባባት ነበር።

ቀብሩ አለፈ። ለቀስተኛው ወደ ሥራው ተመለሰ። አክስቴ ለእኔ ክፉ ቃል አልተናገረችኝም፤ መድኃኒቷን ከእጄ ትቀበላለች፣ ያቀረብኩላትን ትበላለች። ስለ ረቡዕ እሷም አላነሳችም፣ እኔም አላነሳሁም። ሬዲዮውን ግን ከዚያ ወዲህ አልከፈተችውም። ከጥቂት ሳምንት በኋላ በረዶው ሲላላ "ውሰጂኝ" አለችኝ።

"የት?"

"ሬዲዮው ቤት።"

ሽማግሌው ሲሰሙ ልጇ የወደቀበትን ቦታ ማየት ፈልጋ ነው አሉ። እኔም እንደዚያ መሰለኝ። ቦታው ላይ ስንደርስ ግን ቀጥ ብላ ወደፊት አየች፤ "እለፊው" አለችኝ። አለፍኩት።

ጣቢያው ከበቆሎ ጎተራዎቹ አጠገብ ያለ ዝቅ ያለ ቤት ነው፤ ምሰሶው ባይኖር የጥርስ ሐኪም ቤት ይመስላል። ሰውዬው ከድምፁ ይልቅ ቀጭንና ሽማግሌ ነበር። ማን እንደሆንን ስነግረው ኮፍያውን አወለቀ። ወንበር አመጣላት። ከዚያ ሳንጠይቀው ይቅርታ መጠየቅ ጀመረ፤ ስሙን ባላነሳም ያን ያህል ማውራት አልነበረብኝም፣ ሚስቴ ሰምታ ተቆጥታኛለች፣ አእምሮዬን ሲበላኝ ነበር የከረመው አለ። ለአክስቴ ተረጎምኩላት። እሷ ቀድማ ገብቷት ራሷን ትነቀንቅ ነበር።

"ንገሪው" አለችኝ። "ይቅርታ አይጠይቀኝ። የልጄን ሞት ያረዳኝ እሱ ነው። ሳቁን ሳይቀር ነው የነገረኝ፣ እግዚአብሔር ይስጠው በይው።"

ነገርኩት። ሰውዬው ኮፍያውን በሁለት እጁ ይዞ ሰማ።

"ደግሞ እንዲህ በይው" አለች አክስቴ። እሱን ነው የምታየው፤ እኔን አንድ ጊዜ እንኳ አላየችኝም። "ከጎኔ አንዲት ልጅ ተቀምጣ ነበር። ምን አለ ብዬ ጠየቅኋት። ሳይገባኝ ቀርቶ አይደለም። አብራኝ እንድታለቅስ ብዬ ነው።"

ሰውዬው ምን እንዳለች እየጠበቀ ወደ እኔ ዞረ። አንዲት ልጅ ብዬ ልተረጉምለት እችል ነበር፤ ልጅቷ ማን እንደሆነች አያውቅም፣ ለማወቅም አይጠይቅም። አክስቴም ልትፈርድብኝ ፈልጋ ከሆነ ስም አልጠራችም፤ መውጫውን ክፍት ትታልኛለች።

"ከጎኗ የነበርኩት እኔ ነኝ" አልኩት በእንግሊዝኛ። የቀረውንም እንዳለችው ነገርኩት።

ሰውዬው ዓይኑን ከእኔ ላይ አነሳና ወደ መስኮቱ ዞረ። ከጎኔ አክስቴ ማልቀስ ጀምራለች፤ እኔም ያን ጊዜ ጀመርኩ።